ከማካፈል ስለሚተርፈው ቀሪ

በጎንደር የአብነት ትምህርት ቤቶች ባሕረ ሐሳብ የተማረ ሰው ማካፈል አዲስ ነገር አይሆንበትም። የ2018 ዓ.ም. ወንጌላዊ ማን እንደሆነ ለማወቅ 5500ንና 2018ን ይደምራል፤ ድምሩን 7518ን ለ4 ያካፍላል። ድርሻው 1879 ሆኖ 2 ይቀራል፤ 2 ከቀረ ዘመኑ ዘመነ ማርቆስ ነው። እዚህ ላይ መልሱ ቀሪው ራሱ ስለሆነ ከዚያ በላይ አይከፈልም፤ ግማሽ ወንጌላዊ የለምና።

ሆኖም ሊቃውንቱ ቀሪን መከፋፈል አያውቁም ማለት አይደለም። አንዱን ዕለት በ60 ኬክሮስ፥ አንዱን ኬክሮስ በ60 ካልዒት ይከፍላሉ። በ4 ዓመት አንድ ጊዜ የምትመጣው ስድስተኛዋ የጳጉሜን ዕለት ለአራቱ ዓመታት ብትካፈል፥ ለእያንዳንዱ 15 ኬክሮስ ይደርሰዋል። በዘመናዊው ትምህርት ቤት ዐሥርዮሽ የሚባለውም ይኸው ነው፤ በ60 ፈንታ በ10 ይከፍላልና 0.25 ዕለት ብሎ ይጽፈዋል።

በደባርቅ ወይም በዳባት ደጋ ስምንት ወንድማማችና እኅትማማች 5 ኩንታል ገብስ ወረሱ እንበል። 5 ለ8 አይደርስምና በድርሻው ስፍራ 0 ተጽፎ ነጥብ ይደረጋል፤ 5ቱም 50 ዐሥረኛ ይሆናል። 50 ለ8 ሲካፈል 6 ደርሶ 2 ይቀራል። 2ቱ 20 መቶኛ ሆኖ 2 ይደርስና 4 ይቀራል፤ 4ቱም 40 ሺኛ ሆኖ 5 ሲደርስ ምንም አይቀርም። የእያንዳንዱ ድርሻ 0.625 ኩንታል፥ ማለት 62 ኪሎ ተኩል ነው። ማረጋገጫው 0.625ን በ8 ማባዛት ነው፤ 5 ይመጣል።

ውድ አንባብያን፥ ልብ በሉ። ገብሱን የሚያከፋፍለው ሰው ሒሳቡን ከመጀመሪያው ቀሪ ላይ አቁሞ «0.6 ይበቃል» ቢል፥ ለእያንዳንዱ 60 ኪሎ ብቻ ይደርሰዋል። ሁለት ኪሎ ተኩል ለአንድ ሰው ጥቂት ይመስላል፤ የስምንቱ ሲደመር ግን 20 ኪሎ ገብስ በአከፋፋዩ እጅ ይቀራል። ቤተ ዘመድን የሚያቀያይመው ብዙ ጊዜ እንዲህ ያለው ነው፤ ዝም ብላ የምትቀበለውም አብዛኛውን ጊዜ ታናሽ እኅት ናት።

ማለቂያ የሌለው ማካፈልም አለ። 100 ብር ለሦስት ሲካፈል 33 ደርሶ 1 ይቀራል፤ 1ዱ 10 ሆኖ 3 ሲደርስ እንደ ገና 1 ይቀራል፤ ቢቀጥሉትም እንዲሁ ነው። ብር ግን 100 ሳንቲም ስለሆነ ከነጥቡ በኋላ ሁለተኛው ቁጥር ላይ ይቆማል፤ ለየአንዳንዱ 33 ብር ከ33 ሳንቲም ተሰጥቶ 1 ሳንቲም ትተርፋለች። ያችን ሳንቲም ማን እንደሚወስዳት አስቀድሞ መስማማት ይገባል።

የፋሲካ ቅርጫ ግን ከዚህ ይለያል። የበሬው ዋጋ እስከ ሳንቲሙ ይካፈላል፤ ሥጋው ግን ከየብልቱ ተመትሮ በመደብ ይደለደልና በዕጣ ይነሣል፤ ሻኛን በዐሥርዮሽ የሚቈርጥ ቢላዋ አልተገኘምና።