ስሙ ናኑክ አልነበረም

ዶክመንተሪ ፊልም የሚማር ሰው ቀድሞ ከሚያያቸው ሥራዎች አንዱ እ.ኤ.አ. በ1922 የወጣው «ናኑክ ኦፍ ዘ ኖርዝ» ነው። አሜሪካዊው ሮበርት ፍላኸርቲ በሰሜን ካናዳ፣ ከኢኑይት ሕዝብ ጋር ቀረጸው። ዛሬም ሲያዩት ያምራል። ግን የዋናው ሰውዬ ስም ናኑክ አልነበረም፤ አላካሪያላክ ነበር። ሚስቱ ተብላ የቀረበችው ሴትም ሚስቱ አልነበረችም። በዚያ ዘመን ኢኑይቶች በጠመንጃ ያድኑ ነበር፤ ፍላኸርቲ ግን እንደ ጥንቱ በጦር እንዲያድኑለት ፈለገ። የበረዶ ቤቱም ቢሆን ለካሜራው ብርሃን እንዲገባ ግማሹ ክፍት ሆኖ ነው የተሠራው።

«ታዲያ አታለላቸው?» ትሉ ይሆናል። እንደዚያ ቀላል አይደለም። ኢኑይቶቹ በቀረጻው አብረው ሠርተዋል፣ የተቀረጸውንም እዚያው አይተዋል። ፊልሙ ሩቅ አገር ኤዲት ሲደረግ ግን «ይሄ ይውጣ፣ ስሙም ይስተካከል» የሚል ከእነሱ ወገን ሰው አልነበረም። ተመልካቹም ያለፈውን አኗኗር የዛሬ ነው ብሎ ወሰደው።

እዚያው ሰሜን ካናዳ ኢግሉሊክ የምትባል የኢኑይት መንደር አለች። በ1970ዎቹ ነዋሪዎቿ ቴሌቪዥን ይግባ ወይ ተብለው ሁለት ጊዜ ድምፅ ሰጡ፤ ሁለቱንም ጊዜ እምቢ አሉ። በቋንቋቸው በኢኑክቲቱት የሚተላለፍ ነገር አልነበረማ! ከዚያው መንደር ዛካሪያስ ኩኑክ በ1981 የጠረባቸውን የድንጋይ ምስሎች ሸጦ የቪዲዮ ካሜራ ገዛ። በ1990 ደግሞ ከጓደኞቹ ጋር ኢሱማ የተባለውን የፊልም ድርጅት መሠረተ። በ2010 ከተመራማሪው ኢያን ማውሮ ጋር ስለ አየር ንብረት ለውጥ በሠራው ዶክመንተሪ ሽማግሌዎቹ ስለ በረዶው፣ ስለ እንስሳቱ በራሳቸው ቋንቋ ያስረዳሉ። የሳይንቲስት ንግግር ማስዋቢያ አይደሉም፤ አዋቂዎቹ እነሱ ናቸው። ለእኔ ትልቁ ልዩነት ይሄ ነው።

ከመካከላችሁ አያቶቻችሁን ስለ ሱዳኑ መንገድ በስልክ የምትቀርጹ አላችሁ። የእኛ ሰው ይሉኝታ አለበት፤ የልጅ ልጅ ሲለምነው እምቢ ማለት ይከብደዋል። ስለዚህ «እሺ» የሚለው ቃል ብቻውን ፈቃድ አይሆንም፤ በዕብራይስጥ የተጻፈ ቶፌስ ላይ የተደረገ ፊርማማ ጭራሽ። አያታችሁ እሺ ያሉት ለእናንተ እንጂ ለዩቲዩብ ላይሆን ይችላል። ሲያወሩም በመንገድ የሞተ የሌላ ቤተሰብ ልጅ ስም ሊያነሡ ይችላሉ፤ ያንን ቤተሰብ ደግሞ ማንም አልጠየቀውም።

ፊልሙን ከመልቀቃችሁ በፊት አብራችሁ ተቀምጣችሁ አሳዩዋቸው፣ በአማርኛም አስረዷቸው። ዝም ካሉ ዝምታውን እንደ እሺታ አትውሰዱት፤ ከጥቂት ቀን በኋላ በእናታችሁ ወይም በአክስታችሁ በኩል እንደገና አስጠይቁ። ይውጣ ያሉት፣ የፊልሙ ምርጥ ቦታ ቢሆን እንኳ፣ ይወጣል። ኤዲት ያልተደረገው ቅጂ ማን ዘንድ እንደሚቀመጥም ያኔውኑ ተነጋገሩ። ቤት ይቅር ካሉ ቤት ይቀራል።