በስፓጌቲ የሚሠራ የሲቹዋን ማባያ፦ ሥራው ያለው ዘይቱ ላይ ነው

የእስያ ጣዕም ያለው የሚያቃጥል ፓስታ ቤቱ ሊሠራ ያሰበን ሰው ብዙ ጊዜ ሐሳቡን የሚያስጥለው የዕቃው ዝርዝር ነው። የቻይና ኑድል የለኝም፣ የሲቹዋን ቅመም አላገኝም፣ ጥቁሩ ኮምጣጤ የት ይሸጣል እያለ ነገሩን ለምግብ ቤት ይተወዋል። ይህ ስጋት ቦታውን የሳተ ይመስለኛል። በደቡብ ምዕራብ ቻይና፣ በሲቹዋን ክፍለ ሀገር የሚዘወተረው ቀዝቃዛ የሰሊጥ ኑድል ጣዕሙን የሚያገኘው ከሊጡ ሳይሆን ከሚለወስበት ማጣፈጫ ነው፤ የማጣፈጫው ዋና ነገር ደግሞ የጋለ ዘይት የፈሰሰበት በርበሬ ነው። ዘይቱን በወጉ የሠራ ሰው ከሰፈር ሱቅ በተገዛ ስፓጌቲ ከጥብስም ከዓሣም ጎን የሚቀርብ ግሩም ማባያ ያወጣል። ዘይቱን ያሳረረ ሰው ግን ኑድሉ ከሲቹዋኗ ከተማ ከቼንግዱ ቢመጣለትም አያድነውም።

መጀመሪያ የሚነሣው ተቃውሞ የታወቀ ነው፤ የጣሊያን ፓስታ በቻይና ቅመም መለወስ ሁለቱንም ማበላሸት ነው የሚል። ተቃውሞው ከቅን ልብ ይመጣል፤ ለሰው ባህል መጠንቀቅ መልካም ነውና። ነገር ግን የምግቡ ታሪክ ራሱ አይደግፈውም። ጃፓኖች ስፓጌቲን በአኩሪ አተር ሶስ፣ በባሕር አረምና በዓሣ ዕንቁላል ማጣፈጥ ከጀመሩ አሥርት ዓመታት አልፈዋል። በቶኪዮ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ የተከፈተው ካቤ ኖ አና የተባለው ምግብ ቤት የዚህ አሠራር ፈር ቀዳጅ ተብሎ ይጠቀሳል፤ ዛሬ በበርበሬ የታሸ የዓሣ ዕንቁላል ያለበት ስፓጌቲ ለጃፓን ቤተሰብ የዘወትር ምግብ ነው። በርበሬውም ቢሆን ለቻይና እንግዳ ነበር። ኮሎምበስ እ.ኤ.አ. በ1492 የአትላንቲክን ውቅያኖስ ከመሻገሩ በፊት የበርበሬ ተክል ከአሜሪካ ምድር ውጭ አይታወቅም፤ ጋኦ ሊየን የተባለው ቻይናዊ ጸሐፊ እ.ኤ.አ. በ1591 ሲጠቅሰውም ለዓይን የሚያምር ተክል አድርጎ እንጂ እንደ ምግብ አልነበረም። የሲቹዋን ሰዎች መለያቸው እስኪሆን ድረስ የራሳቸው ያደረጉት ከዚያ በኋላ ነው። እኛም በርበሬን ያገኘነው ከዚያው ከአሜሪካ ምድር ተሻግሮ ነው፤ ዛሬ ግን ወጣችን ያለ እሱ አይታሰብም።

የዕቃ ዝርዝሩን ፍርሃት የሚያቀልል ሌላ ማስረጃ ከኒው ዮርክ አለ። ምላስን የሚያደነዝዘው የሲቹዋን ፍሬ የብርቱካንና የሎሚ ዘመድ ስለሆነ፣ የሎሚ ዛፍን የሚያጠቃ በሽታ ያስገባል ተብሎ እ.ኤ.አ. ከ1968 እስከ 2005 ወደ አሜሪካ እንዳይገባ ታግዶ ነበር፤ ቁጥጥሩ ሁልጊዜ ጥብቅ ባይሆንም። ቀዝቃዛው የሰሊጥ ኑድል በኒው ዮርክ የቻይናውያን ሰፈር ስም ያወጣው በዚያው ዘመን፣ በ1970ዎቹ ነው። በሰሊጥ፣ በአኩሪ አተር ሶስ፣ በኮምጣጤ፣ በስኳርና በበርበሬ ዘይት ሕዝብ ወደደው። ፍሬውን ያገኘ ሰው ቆልቶ ጥቂት ቢነሰንስበት ደስ የሚል መደንዘዝ ይጨምርለታል፤ ባያገኝ ግን የምግቡ መሠረት አይናጋም።

ስፓጌቲና የቻይና ኑድል ግን አንድ አይደሉም፤ ይህን መካድ አያስፈልግም። ስፓጌቲ የሚሠራው ከዱረም ስንዴ ነው፤ ፕሮቲኑ ከፍ ያለ ስለሆነ ተቀቅሎም ጥርስ ላይ ይጠነክራል። የቻይናው ኑድል በአመዛኙ ከተራው የዳቦ ስንዴ የሚሠራ ሲሆን፣ በብዙ ቦታ ሊጡ ውስጥ የአልካሊ ጨው ይገባበታል። ያ ጨው ሊጡን ለጠጥ የሚል፣ ትንሽ ቢጫና ልዩ ሽታ ያለው ያደርገዋል። ይህን ጠባይ በከፊል ለስፓጌቲ ማውረስ ይቻላል፤ በመቀቀያው ውኃ ላይ ለአንድ ሊትር አንድ የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ሶዳ መጨመር ነው። ቤኪንግ ፓውደር ሌላ ነገር ስለሆነ በዚህ ቦታ አይተካውም። ሶዳው ሲገባ ውኃው አረፋ አንሥቶ ሊገነፍል ስለሚችል ድስቱ ሰፋ ይበል። የሳሙና ጣዕም ይተዋል ብሎ የሚሰጋ ሰው ስጋቱ ለሚበዛ ሶዳ እውነት ነው። በዚህ መጠን ከሆነና ፓስታው ከተጠለለ በኋላ በቀዝቃዛ ውኃ ከታጠበ ግን የሚቀር ነገር የለም። ማጠቡ በጣሊያን አሠራር ነውር ነው፤ ለትኩስ ስጎ የሚያጣብቀው ስታርች ያስፈልጋልና። እዚህ ግን የሚቀርበው ቀዝቅዞ ስለሆነ ስታርቹ ካልታጠበ ፓስታው እርስ በርሱ ተያይዞ ይጋገራል። ሶዳውን የማይፈልግ ሊተወው ይችላል፤ ማጠቡን ግን አይተው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ። የበርበሬን ማቃጠል የሚሰጠው ካፕሳይሲን፣ ቀይ ቀለሙንም የሚሰጡት ንጥረ ነገሮች የሚሟሙት በውኃ ሳይሆን በስብ ነው። ስለዚህ በርበሬ አኩሪ አተር ሶስ ውስጥ ቢበጠበጥ ጣዕሙ ጥሬ ሆኖ ይቀራል፤ ዘይት ሲያገኝ ግን ያለውን ሁሉ ያወጣል። የእኛ ወጥ ቤት ይህን አሳምሮ ያውቀዋል። በርበሬው ሽንኩርቱ ላይ ይጨመርና በዘይት ይቁላላል፤ ሊያር ሲል ጠብ ጠብ እየተደረገ ውኃ ይሰጠዋል። ድስቱ ውስጥ እርጥበት እስካለ ድረስ ሙቀቱ ከመቶ ዲግሪ ሴልሺየስ እምብዛም ስለማይርቅ፣ በርበሬው ረጅም ጊዜ ቆይቶ ቀስ ብሎ ይበስላል። የሲቹዋኑ መንገድ ግን የዚህ ተቃራኒ ነው። ውኃ የለም፣ ሽንኩርት የለም፤ ዘይቱ ከመቶ ዲግሪ እጅግ አልፎ ይግልና ደረቅ በርበሬ ላይ ይፈስሳል። በወጥ አንድ ሰዓት የሚፈጀው ነገር እዚህ በሰከንዶች ያልቃል፤ የሚገኘውም የወጥ ጣዕም ሳይሆን የተቆላ ነገር ሽታ ነው። አደጋው ያለው እዚሁ ላይ ነው። ወጥ ሊያር ሲል ውኃ ጨምሮ ማዳን ይቻላል፤ የጋለ ዘይት ካሳረረው በርበሬ ግን የሚድን የለም፤ ይመርራል፣ ምሬቱም ሰሊጡንም ስኳሩንም አልፎ ይሰማል።

ስለዚህ ዘይቱን በርበሬው ላይ እንጂ በርበሬውን እሳት ላይ ባለ ዘይት ውስጥ አለመጨመር ይበጃል። ሽታው የማይከብድ የሱፍ ወይም ሌላ የአትክልት ዘይት በደንብ ይጋልና ከእሳት ይወርዳል፤ ሁለት ሦስት ደቂቃ ያርፋል። አንዲት ቁራጭ በርበሬ ጣል ሲደረግበት ዙሪያዋን በቀስታ አረፋ ካወጣች ጊዜው ነው፤ ወዲያው ከጠቆረች ገና ይቀዝቅዝ፤ ዝም ካለች ትንሽ ይሙቅ። ከዚያ ሙቀት በሚችል ደረቅ ሳሕን ያለው በርበሬ ላይ ሲሶው ይፈስሳል፤ ይማሰላል። ግማሽ ደቂቃ ያህል ታግሦ ቀሪውን በሁለት ጊዜ መጨመር ነው። የመጀመሪያው ሽታውን ያስነሣል፤ እየቀዘቀዘ የሚከተለው ቀለሙን ያወጣል። ዘይቱ አድሮ በማግስቱ ይበልጥ ይቀላል፤ ጣዕሙም ይሰበስባል።

በዚህ ላይ፣ ቤት ያለው የተዘጋጀ በርበሬ ለምን አይበቃም የሚል ጥያቄ ይነሣል። ተገቢ ጥያቄ ነው፤ መልሱም ሁለት ነው። አንደኛ፣ የእኛ በርበሬ እንደ ዱቄት የላመ ነው፤ የላመ ነገር በጋለ ዘይት ከሻካራው ቀድሞ ያርራል። ሁለተኛ፣ ኮረሪማው፣ በሶብላውና ሌላው ቅመም ምግቡን ወደ ወጥ ይጎትተዋል። ያ ጣፋጭ ሊሆን ይችላል፤ ግን ሌላ ምግብ ነው። የሚሻለው ዛላውን በርበሬ አጽድቶ፣ ፍሬውን በከፊል አራግፎ፣ በመጥበሻ ሞቅ አድርጎ በሙቀጫ ሸክሸክ ማድረግ ነው። ከባድ ማቃጠል የሚፈልግ ሰው ለሚጥሚጣ የሚሆነውን ትንሹን በርበሬ ሳይቀመም ይቀላቅልበት። የተዘጋጀው ሚጥሚጣ ጨውና ኮረሪማ ስላለበት ለዚህ አይመከርም።

የማጣፈጫው ሌላው ምሰሶ ሰሊጥ ነው፤ እዚህ ላይ ከኢትዮጵያ ጋር ያለው ግንኙነት የምር ነው። የሁመራና የመተማ ሰሊጥ ከአገሪቱ ዋና ዋና የወጪ ንግድ ምርቶች አንዱ ሲሆን፣ ዋነኛዋ ገዢ ቻይና ናት። በእስራኤልም የሁመራ ሰሊጥ ለጣሂና የሚመረጥ ነው። የሰሊጥ ፍትፍት በጾም የምታቀርብ ቤት የቻይናን የሰሊጥ ማጣፈጫ ለመሥራት የሚጎድላት ነገር የለም። ሰሊጡ ይታጠባል፣ ይደርቃል፣ ወርቃማ እስኪሆን ይቆላል፤ ከዚያ በሙቀጫ ወይም በመፍጫ በትንሽ ዘይት እስኪለሰልስ ይወቀጣል። የቻይናው የሰሊጥ ድቅቅ ጠቆር ብሎ ከተቆላ ሰሊጥ ስለሚሠራ፣ ከሱቅ በተገዛ ጣሂና የሚሠራ ሰው ጣዕሙ ቢገርጣበት አይገረም። ጥቂት የኦቾሎኒ ቅቤ ቢጨምርበት ይካካሳል። ምግቡ ሥጋም ወተትም ስለሌለበት ለጾም ይሆናል፤ በስፓጌቲው ማሸጊያ ላይ ዕንቁላል አለመጻፉን ማየት ብቻ ይበቃል።

በርበሬ የሌላውን ነገር ጣዕም ይሸፍናል፣ ለልጅና ለአዛውንትም አይሆንም የሚሉ አሉ። እውነትነት አለው፤ ሆኖም ማቃጠልን መግራት ይቻላል። ካፕሳይሲን የሚነካው ሙቀትን የሚለየውን፣ በ43 ዲግሪ አካባቢ የሚነቃውን የነርቭ ተቀባይ ነው፤ ይህን የደረሰበት ዴቪድ ጁሊየስ እ.ኤ.አ. በ2021 የኖቤል ሽልማትን ከአርደም ፓታፑቲያን ጋር ተጋርቷል። ትኩስ ምግብም ያንኑ ተቀባይ ስለሚነካ ያው በርበሬ በሚያፋጅ ምግብ ውስጥ ይበረታል፤ በቀዝቃዛ ምግብ ይለዝባል። ፓስታውን አቀዝቅዞ ማቅረብ የሚጠቅመው ለዚህም ነው። በተጨማሪ የሰሊጡ ስብ፣ ስኳሩና ኮምጣጤው ማቃጠሉን ያስታርቁታል። ዘይቱ ለብቻው ስለሚሠራም ለልጆች ሳይጨመር፣ ለሚወድድ ደግሞ በላዩ ተደርጎ ይቀርባል። ይህ ነጻነት በወጥ የለም።

የጨው ነገር ግን በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። አንድ የሾርባ ማንኪያ አኩሪ አተር ሶስ 900 ሚሊ ግራም ያህል ሶዲየም አለው፤ የዓለም ጤና ድርጅት ለአዋቂ በቀን ከ2,000 እንዳይበልጥ ይመክራል። ስለዚህ የመቀቀያው ውኃ ጨው አይደረግበት፤ ሶስ ላይም ጨው አይጨመር። ምግቡ ማባያ ሆኖ በትንሽ በትንሹ መቅረቡም እዚህ ላይ ያግዛል።

ለአምስት ሰው 250 ግራም ስፓጌቲ፣ የአንድ ስኒ ሲሶ ዘይትና ሁለት የሾርባ ማንኪያ ሽክሽክ በርበሬ ይበቃል። ለማጣፈጫው ሦስት የሾርባ ማንኪያ ሰሊጥ፣ ሦስት አኩሪ አተር ሶስ፣ አንድ ተኩል አቼቶ፣ አንድ ስኳር፣ ሁለት ፍንካች የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርትና ትንሽ ዝንጅብል በሞቀ ውኃ ይቀጥናሉ። የታጠበው ፓስታ ውኃው በደንብ ከተንጠፈጠፈ በኋላ በጥቂት ዘይት ይታሻል፤ በማጣፈጫው መለወስ ያለበት ሊበላ ሲል ነው፤ ቀድሞ ከተለወሰ ይመጠውና ይደርቃል። በቀጭኑ የተከተፈ ኪያር ወይም ጥቅል ጎመንና ካሮት ከላይ ይደረግበታል፤ የበርበሬው ዘይት ከነአተላው በመጨረሻ ይፈስሳል። የተለወሰው ከተረፈ ሁለት ሰዓት ሳይሞላው ማቀዝቀዣ ይግባ። ብቻውን የቀረው የበርበሬ ዘይት በደረቅ ብርጭቆ ማሰሮ ተከድኖ ለሳምንታት ይቆያል። ነጭ ሽንኩርት የገባበት ዘይት ግን አየር በሌለበት አደገኛ መርዝ የሚፈጥር ባክቴሪያ ሊያድግበት ስለሚችል ከማቀዝቀዣ ውጭ አይቀመጥም፤ ሽንኩርቱን ከዘይቱ ለይቶ ማጣፈጫው ውስጥ ማድረጉ ከዚህ ችግር ያድናል።