በልዩ ትእዛዝ የተሠራ የኮምፒዩተር ክፍል

ስለ ኮምፒዩተር ታሪክ ስናስተምር አብዛኛውን ጊዜ የምናወሳው የፈለሰፈውን ሰው ወይም የሠራውን ኩባንያ ነው። የተጠቃሚው ድርሻ ግን እምብዛም አይነሣም። በዚህ ጽሑፍ ይህንኑ ድርሻ በአንድ ምሳሌ እንመለከታለን።

እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ትልልቅ ኮምፒዩተሮች የሚቀርቡት በዋጋ ዝርዝር ነበር። በዝርዝሩ የሌለ ነገር የፈለገ ደንበኛ ለአይ.ቢ.ኤም. ኩባንያ ልዩ የዋጋ ጥያቄ ያቀርባል፤ ይህም በእንግሊዝኛ ምሕፃሩ አር.ፒ.ኪው. ይባል ነበር። መሐንዲሶች ሊሠራ መቻሉን መርምረው ዋጋውን ያሳውቁታል፤ ከተስማማም ይሠራለታል።

በዚያን ጊዜ ፕሮግራም በቀዳዳ ካርድ ተዘጋጅቶ ለሠራተኛ ይሰጥና ውጤቱ ከሰዓታት በኋላ ይመጣ ነበር። በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ፈርናንዶ ኮርባቶና ባልደረቦቹ፣ ብዙ ሰዎች በአንድ ኮምፒዩተር እየተፈራረቁ የሚሠሩበትን ሥርዓት አዘጋጅተው በ1961 ለመጀመሪያ ጊዜ አሳዩ።

ይሁን እንጂ መደበኛው 7090 ኮምፒዩተር ለዚህ አይመችም ነበር። ምክንያቶቹ ሦስት ናቸው፦

1ኛ/ የአንዱ ተጠቃሚ ስሕተት ተቆጣጣሪውን ፕሮግራም ሊደመስስና የሁሉንም ሥራ ሊያቆም ይችላል።

2ኛ/ መጨረሻ የሌለው ዙር ውስጥ የገባ ፕሮግራም ተራውን ለሌላው አይለቅም።

3ኛ/ በትእዛዝ ውስጥ ለአድራሻ የተመደበው 15 ቢት ስለሆነ፣ ሊደረስበት የሚቻለው 32,768 ቃላት ብቻ ነው፤ ይህም ለተቆጣጣሪውም ለተጠቃሚውም በአንድነት አይበቃም።

መፍትሔው የተገኘው በልዩ ትእዛዝ ነው። እኩል መጠን ያለው ሁለተኛ የማስታወሻ ክፍል ተጨመረ፤ አንደኛው ለተቆጣጣሪው፣ ሁለተኛው ለተጠቃሚው ሆነ። ተጠቃሚው ከተፈቀደለት ወሰን ሲያልፍ መኪናው ሥራውን አቋርጦ ለተቆጣጣሪው ያስረክባል። ሰዓት ቆጣሪም ተገጠመለት፤ የተመደበው ጊዜ ሲያልቅ ተራው ለሌላው እንዲተላለፍ ያደርጋል። በዚህ ዓይነት የተሻሻሉት ኮምፒዩተሮች እስከ 1973 አገልግለዋል።

ኩባንያው ግን ከዚህ ሙሉ ትምህርት ወዲያው አልወሰደም። በ1964 ሲስተም 360 የተባለውን ቤተሰብ ሲያስተዋውቅ አድራሻን የሚተረጉም ክፍል አላካተተበትም። በዚህም የተነሣ ኢንስቲትዩቱ ለቀጣዩ ሥራው የጄኔራል ኤሌክትሪክን መኪና መረጠ። የሚቺጋን ዩኒቨርሲቲም ተመሳሳይ ክፍል አጥብቆ ስለጠየቀ፣ አይ.ቢ.ኤም. በ1965 ሞዴል 67ን አቀረበ። በ1972 ደግሞ ይኸው ክፍል በሲስተም 370 ቤተሰብ ውስጥ መደበኛ ሆነ። ዛሬ በኪስ በምንይዘው ስልክ ውስጥ እንኳ አንዱ ፕሮግራም የሌላውን ማስታወሻ እንዳይነካ የሚከለክል ክፍል አለ።

ከዚህ የምንረዳው፣ ለጥቂቶች ብቻ የሚያስፈልግ ቅንጦት መስሎ የታየው ጥያቄ ኋላ የሁሉም ፍላጎት ሊሆን እንደሚችል ነው። መምህራን ለተማሪዎች ይህን ጥያቄ ቢያቀርቡ መልካም ነው፦ ለአድራሻ የተመደበው 15 ቢት መሆኑ ቀርቶ 16 ቢሆን ኖሮ፣ ስንት ቃላት ላይ መድረስ ይቻል ነበር? ይህስ ብቻውን የመጀመሪያዎቹን ሁለት ችግሮች ያስወግድ ነበርን?