ዋንጫውን ያነሳው ስደተኛ

የገዳሪፍ ፀሐይ በረድ ስትል፣ ወደ አሥራ አንድ ሰዓት ገደማ፣ በየካምፓችን ሜዳ ላይ ምን እንደሚሆን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ልጆቹ በጨርቅና በፌስታል የተጠቀለለች ኳሳቸውን ይዘው ይወጣሉ። አንዱ «እኔ ሜሲ ነኝ» ሲል ሌላው «እኔ ሮናልዶ» ይላል። ደግ ነው። ግን የራሳችንን ሰው፣ ያውም እንደ እኛው ስደትን የቀመሰውን ሉቺያኖ ቫሳሎን ስንቶቻችን ለልጆቻችን ነግረናቸዋል? በዚህ እትማችን እሱን ልናነሳ ወደድን።

ሉቺያኖ እ.ኤ.አ. በ1935 አስመራ ተወለደ። እናቱ ኤርትራዊት፣ አባቱ ጣሊያናዊ ወታደር ነበር። ክልስ በመሆኑ ልጅነቱ ቀላል አልነበረም፤ ስድብም ችግርም አይቷል። በኋላ በጣሊያንኛ የጻፈው የሕይወት ታሪኩ ርዕስ «እማዬ፣ ገንዘቡ ይኸው» የሚል ነው። የእናቱን ድካም ያየ ልጅ መሆኑን ከዚሁ መረዳት ይቻላል። ከኳሱ ጎን ለጎን የመካኒክነት ሙያ ተማረ። ይህን ነገር ያዙልን፣ እንመለስበታለን።

ከታናሽ ወንድሙ ከኢታሎ ጋር ለድሬዳዋው ኮተን ክለብ ተጫወተ፣ የብሔራዊ ቡድኑም አምበል ሆነ።

እንደሚታወቀው የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ እ.ኤ.አ. በ1957 የተካሄደው እዚሁ ሱዳን፣ ካርቱም ላይ ነው። በፍጻሜው ግብፅ ኢትዮጵያን 4 ለ 0 አሸነፈች። ግብፅ በ1959ም ዋንጫውን ደገመች። ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ግን ሁለቱ ቡድኖች አዲስ አበባ ላይ ለፍጻሜ ተገናኙ። የእኛዎቹ ቱኒዚያን 4 ለ 2 ጥለው ነው የመጡት። አሰልጣኙ ይድነቃቸው ተሰማ ነበሩ።

ግብፅ ቀድማ አገባች። በ74ኛው ደቂቃ ግርማ ተክሌ አቻ አደረገ። ደስታው ገና ሳይበርድ፣ በደቂቃ ልዩነት፣ ግብፅ እንደገና መራች። በቃ አለቀ ሲባል በ84ኛው ደቂቃ አምበሉ ሉቺያኖ ራሱ አገባና 2 ለ 2 ሆነ። በጭማሪው ሰዓት ወንድሙ ኢታሎ ሦስተኛውን፣ አጥቂው መንግሥቱ ወርቁ አራተኛውን ጨመሩ። 4 ለ 2! ሉቺያኖ ዋንጫውን ከአፄ ኃይለ ሥላሴ እጅ ተቀበለ። ከዚያ ወዲህ ኢትዮጵያ የአፍሪካ ዋንጫን አላገኘችም።

ታሪኩ ግን እዚህ አያበቃም። ደርግ መጣ። ያ ስታዲየም ሙሉ ሕዝብ ያጨበጨበለት ሰው እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ እንደ ማንኛችንም አገሩን ጥሎ ወጣ። በጅቡቲ በኩል አድርጎ ጣሊያን ገባ።

እስቲ አስቡት። ዋንጫ ይዞ ድንበር አይኬድም፤ ጭብጨባም ስንቅ አይሆንም። የወጣው እጁና እግሩ ላይ ያለውን ሙያ ይዞ ነው። በጣሊያን የመኪና ጥገና ሥራ ሠራ፣ ለልጆችም የእግር ኳስ ትምህርት ቤት ከፈተ። እ.ኤ.አ. በመስከረም 2022 በ87 ዓመቱ አረፈ።

እኛም ቤታችንን፣ ከብታችንን፣ ወረቀታችንን ጥለን መጥተናል። የምናውቀውን ግን ማንም ኬላ ላይ አልቀማንም። በመካከላችን ጋራዥ የሠራ፣ ክለብ ውስጥ የተጫወተ፣ ልብስ የሰፋ፣ ያስተማረ ሰው ሞልቷል። ማታ ማታ ራኩባ ሥር ቁጭ ብለን ያለፈውን ብቻ ከምናወራ፣ በሳምንት አንድ ሰዓት ለእነዚያ የጨርቅ ኳስ ለሚያሳድዱ ልጆች ብንሰጥስ? ሙያ ሲካፈሉት አይጎድልም።

ቀጣዩ አምበል ከየትኛው ሜዳ እንደሚወጣ ማን ያውቃል? እስከሚቀጥለው እትማችን ቸር ያሰማን።