የቤንጋሊ ሲኒማ ቅርስና የተበተነው መዝገቡ

ቤንጋሊ ሲኒማ የሚባለው በሕንድ የምዕራብ ቤንጋል ግዛትና በባንግላዴሽ በቤንጋሊ ቋንቋ የሚሠራው ፊልም ሲሆን፣ ዋና ማዕከሉም ቀድሞ ካልካታ ትባል የነበረችው ኮልካታ ናት፤ ሕንድ በ1947 (እ.ኤ.አ.፤ ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ከተከፈለች በኋላ ግን ዳካም የራሷን የፊልም ሥራ አቋቁማለች። እንደ ሳቲያጂት ራይና ሪትዊክ ጋታክ ያሉ ዳይሬክተሮችን ያፈራው ይህ ሲኒማ በዓለም ዘንድ ከፍ ያለ ክብር ቢኖረውም፣ የመጀመሪያዎቹ አሠርት ዓመታት ሥራዎቹ አብዛኞቹ ጠፍተዋል፤ የተረፉትም በአንድ ቤት አልተሰበሰቡም። አንዱ ፊልም በሕንዷ ፑኔ ከተማ፣ ሌላው በዳካ፣ የአንዱ ቁራጭ በፓሪስ፣ የተቃጠለ ነጋቲቭ ደግሞ በሎስ አንጀለስ ይገኛል፤ ስለዚህ የዚህን ሲኒማ ታሪክ የመጠበቅ ሥራ የሚጀምረው የተበተነውን ከመፈለግ ነው።

የጥፋቱ አንዱ መነሻ ፊልሙ የተሠራበት ቁስ ነው። እስከ 1950ዎቹ መጀመሪያ ድረስ ለሲኒማ ያገለግል የነበረው ፊልም ከሴሉሎስ ናይትሬት የሚሠራ፣ በቀላሉ የሚቀጣጠልና አንዴ ከተያያዘ ውኃ እንኳ የማያጠፋው ነበር፤ እሱን የተካው የአሴቴት ፊልም ከእሳት አደጋ ቢጠብቅም፣ በሙቀትና በእርጥበት ውስጥ ሲቆይ አሴቲክ አሲድ እየለቀቀ ይሸበሸባል፣ ይሰባበራል፤ ሽታውም የኮምጣጤ ሽታ ነው። የፊልም ጥቅልል ረጅም ዕድሜ የሚኖረው በቀዝቃዛና ደረቅ ክፍል ሲቀመጥ ነው፤ የቤንጋል አየር ግን ሞቃትና በክረምቱ ዝናብ የራሰ ነው። በዚህ ላይ ፊልም ታይቶ ገበያው ካበቃ በኋላ ዋጋ የሌለው ዕቃ ተደርጎ ስለሚታይ፣ በውስጡ ያለውን ብር ለማውጣት ሲባል እየተሸጠ የቀለጠው ጥቂት አይደለም።

የመጀመሪያው ትልቅ ኪሳራ ሲኒማው ገና በልጅነቱ ሳለ የደረሰ ነው። በ1898 ከወንድሙ ጋር ሮያል ባዮስኮፕ የተባለውን ኩባንያ በካልካታ የመሠረተው ሂራላል ሴን የመድረክ ተውኔቶችን ትዕይንቶችና የከተማይቱን ክንውኖች ሲቀርጽ ኖሮ፣ በ1917 ከመሞቱ ጥቂት ቀደም ብሎ ፊልሞቹ የተከማቹበት መጋዘን በእሳት ወደመ፤ በዚህም የተነሳ ከሕንድ ሲኒማ ፈር ቀዳጆች አንዱ የሆነው ሰው የሚታወቀው በጋዜጣ ማስታወቂያና በሌሎች ሰዎች ምስክርነት ብቻ ነው። በ1919 «ማዳን» የተባለው የፊልም ኩባንያ የሠራው «ቢልዋማንጋል»፣ የመጀመሪያው የቤንጋሊ ረጅም ፊልም ተደርጎ የሚቆጠረው፣ ከአገሩ ፈጽሞ ጠፍቶ ሲኖር ቁራጩ በፓሪሱ የፊልም ቤተ መዛግብት ተገኘና የሕንድ ብሔራዊ የፊልም ቤተ መዛግብት በ2016 ቅጂውን ተረከበ። በ1931 ከታዩት ሁለት ሥራዎች ደግሞ ድምፅ አልባው «ጃማይ ባቡ» ሲተርፍ፣ የመጀመሪያው ድምፅ ያለው የቤንጋሊ ፊልም «ጃማይ ሻሽቲ» አልተረፈም።

በዚያው ዓመት ቢ. ኤን. ሲርካር ያቋቋመው ኒው ቲያትርስ ስቱዲዮም ከዚህ ዕጣ አላመለጠም። ባለቅኔው ራቢንድራናት ታጎር ራሱ የመራው «ናቲር ፑጃ» በዚህ ስቱዲዮ ተቀርጾ በ1932 ለሕዝብ ቢቀርብም፣ በኋላ በስቱዲዮው ላይ በደረሰ ቃጠሎ ጠፍቶ ዛሬ ከቁርጥራጭ በስተቀር አልቀረም። ፒ. ሲ. ባሩዋ በ1935 የሠራው የቤንጋሊው «ዴቭዳስ» የተገኘው ደግሞ በኮልካታ ሳይሆን በባንግላዴሽ የፊልም ቤተ መዛግብት ነው፤ እሱም ጎደሎ ነው። ይህ ተቋም በ1978 በዳካ የተመሠረተ ሲሆን፣ ድንበር የለየው ሕዝብ የጋራ ትዝታ በማዶ ባለው ጎረቤት እጅ ተጠብቆ መገኘቱ በሁለቱ አገሮች መካከል የሚደረግ ትብብር ምን ያህል አስፈላጊ እንደሆነ ያሳያል።

ከሁሉ ይልቅ ትኩረት የሚገባው አፑ የተባለውን ገጸ ባሕርይ የሚከተሉት የራይ ሦስት ፊልሞች ታሪክ ነው። «ፓተር ፓንቻሊ» (1955)፣ «አፓራጂቶ» (1956) እና «አፑር ሳንሳር» (1959) በዓለም ዙሪያ ቢደነቁም፣ ራይ በ1992 የክብር ኦስካር ሲሸለም የፊልሞቹ ቅጂዎች በጣም የተጎዱ መሆናቸው ታወቀ። እድሳት ለማካሄድ ዋናዎቹ ነጋቲቮች፣ ማለትም ካሜራው ውስጥ የነበረውና ሌሎች ቅጂዎች ሁሉ የሚባዙበት ፊልም፣ ወደ ለንደን ተላኩ፤ ነገር ግን በሐምሌ 1993 የተቀመጡበት ላቦራቶሪ ተቃጠለ። በዚያን ጊዜ ፊልሙን በየትኛውም ማሽን ማሳለፍ የማይቻል ቢሆንም፣ የኦስካር አካዳሚ የፊልም ቤተ መዛግብት የተቃጠለውን ቅሪት አልጣለውም፤ ተቀብሎ ለሃያ ዓመት ያህል አስቀመጠው። የዚህን ውሳኔ ጥበብ ያረጋገጡት በኢጣሊያ ቦሎኛ ከተማ ያሉ ባለሙያዎች ናቸው፤ ደርቆ የሚሰባበረውን ፊልም በኬሚካል ውሁድ አለስልሰው፣ የቀለጠውን ሙጫና ሰም በእጅ አንስተው፣ የተቀደዱትን የጎን ቀዳዳዎች ጠግነው፣ ወደ አንድ ሺህ ሰዓት የሚጠጋ የእጅ ሥራ ካፈሰሱበት በኋላ እያንዳንዱን ምስል በስካነር ወደ ዲጂታል ለወጡት። ከ«ፓተር ፓንቻሊ» 40 በመቶው፣ ከ«አፓራጂቶ» ደግሞ ከ60 በመቶ በላይ የታደሰው ከዚሁ ከተቃጠለ ነጋቲቭ ነው፤ የቀረውና የ«አፑር ሳንሳር» እድሳት የተሠራው በተለያዩ አገሮች ተጠብቀው ከቆዩ ቅጂዎች ነው። ሦስቱም ፊልሞች በ2015 እንደገና ለሕዝብ ታዩ።

ጋታክ በባንግላዴሽ የሠራው የ1973ቱ «ቲታሽ ኤክቲ ናዲር ናም»ም የዳነው በተመሳሳይ መንገድ ነው። በፑኔ ተቀምጦ የነበረው ነጋቲቭ ያልተሟላ ስለነበር የጎደለው ክፍል ከጀርመን የፊልም ቤተ መዛግብት በተገኘ ቅጂ ተሞልቶ በ2010 ታድሷል። ፑኔ ላይ ያለው የሕንድ ብሔራዊ የፊልም ቤተ መዛግብት በ1964 የተመሠረተ ሲሆን፣ በዚያ እስከ 1991 የሠሩት ፒ. ኬ. ናይር ከመላው አገሪቱ የተጣሉ ጥቅልሎችን እየፈለጉ መሰብሰባቸው ለቤንጋሊ ሲኒማም ትልቅ ውለታ ነው፤ እንዲያም ሆኖ በጥር 2003 በፑኔ የናይትሬት ፊልሞች ማከማቻ በእሳት ሲወድም በርካታ የጥንት ሥራዎች አብረው ጠፍተዋል። አንድ ቅጂ በአንድ ሕንፃ ብቻ ማስቀመጥ መጠበቅ ሊባል አይችልም።

ፊልሙ ሲጠፋ ትዝታውን የሚይዘው ወረቀት ነው። ሲኒማ ቤቶች የታሪኩን ማጠቃለያና የዘፈኖቹን ግጥም አትመው ለተመልካች ይሸጧቸው የነበሩ ትንንሽ መጻሕፍት፣ ፖስተሮች፣ የፊልም መጽሔቶችና የቀረጻ ፎቶግራፎች የጠፋ ፊልም ማን እንደሠራው፣ ማን እንደተወነበትና ታሪኩ ምን እንደነበረ ይናገራሉ። ራይ ቀይ ጨርቅ በለበሱ የነጋዴ መዝገቦች ላይ የጻፋቸው የፊልም ጽሑፎች፣ የአልባሳት ንድፎችና የሙዚቃ ኖታዎች የአንድን ዳይሬክተር አስተሳሰብ ከፊልሙ ባልተናነሰ ያሳያሉ። ሕንፃም ትዝታ ይይዛል፤ በ1907 የተከፈተውና በኋላ ቻፕሊን የተባለው የኮልካታ ሲኒማ ቤት በ2013 መፍረሱ የማይተካ ጉዳት ነው።

ዲጂታል ቅጂም ቢሆን የመጨረሻ መፍትሔ አይደለም፤ የተቀመጠበት መሣሪያ ያረጃል፣ የፋይሉ ዓይነትም ይለወጣል፤ ስለሆነም ዋናውን ፊልም ሳይጥሉ ዲጂታሉን በየጊዜው ወደ አዲስ መሣሪያ ማዛወር ግድ ነው። የራይ «አራንየር ዲን ራትሪ» ታድሶ በ2025 በካን ፌስቲቫል ሊታይ የበቃው የፊልሙ ፕሮዲውሰር ዋናውን ነጋቲቭ ለአሠርት ዓመታት ጠብቃ በማቆየቷ ነው። ይህ የሚያስመሰግን ቢሆንም፣ የአንድ ሕዝብ ሲኒማ በግለሰቦች በጎ ፈቃድ ላይ ብቻ ተንጠልጥሎ ሊኖር አይገባም፤ ኮልካታና ዳካ በእጃቸው ያለውን በጋራ መዝግበው፣ እያንዳንዱን ሥራ ቢያንስ በሁለት ከተማ ማስቀመጥ ይጠበቅባቸዋል።