ቅቤው ለገበያ፣ አቮካዶው ለማባያ

በሀዲያና በከምባታ ዞኖች የወይና ደጋ ቀበሌዎች የአቮካዶ ዛፍ ከእንሰትና ከቡና ጎን የጓሮው አባል ከሆነ ቆይቷል። ዛፉ ፍሬውን የሚያወርደው ግን በአንድ ሰሞን ነው። የደረሰ ፍሬ ከተለቀመ በኋላ በሳምንት ወይም በአሥር ቀን ገደማ ይለሰልሳል፤ ከለሰለሰ ደግሞ ከሁለትና ከሦስት ቀን በላይ አይቆይም። የአንዱ ጓሮ ፍሬ ሲደርስ የጎረቤቱም አብሮ ስለሚደርስ በሆሳዕና፣ በሾኔ፣ በዱራሜና በሺንሺቾ ገበያዎች ገዢና ሻጭ ሳይመጣጠኑ ይቀራሉ። ያልተሸጠው ፍሬ ዛፉ ሥር ወይም ማዳበሪያ ውስጥ ይበሰብሳል።

ጉዳዩ ከዓመት ወደ ዓመት ይበልጥ ትኩረት የሚሻ ሆኗል። በቀድሞው የደቡብ ክልል ተጀምሮ በማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልልም የቀጠለው የ30-40-30 የፍራፍሬ ልማት ንቅናቄ አንድ አባወራ በሦስት ዓመት ውስጥ 100 የፍራፍሬ ችግኝ እንዲተክል ያለመ ነው። የተዳቀለ የአቮካዶ ችግኝ በጥሩ እንክብካቤ ከሦስትና ከአራት ዓመት ጀምሮ ማፍራት ይጀምራል። የተተከለው ሁሉ ፍሬ ሲሰጥ ቤተሰቡ ከገበያው ባሻገር ምን ያደርግበታል የሚለው ጥያቄ መልስ ይፈልጋል። አለበለዚያ ነገሩ “ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ” እንዲሉ ይሆናል።

አንዱ መልስ ከማጀት አይርቅም። አቮካዶን ከተጠለለ እርጎ ወይም ከአይብ ጋር አዋህዶ ወፍራምና ለስላሳ ማባያ ማዘጋጀት ይቻላል። ለዚህ የሚያስፈልገው ነገር በአብዛኛው በአርሶ አደሩ ቤት ያለ ነው።

ከጁስ ባሻገር

አቮካዶ የመካከለኛው አሜሪካና የሜክሲኮ ተክል ነው። ወደ ኢትዮጵያ የገባው በ1930 ዓ.ም ገደማ ሲሆን መጀመሪያ የተተከለው በሂርናና በወንዶ ገነት እንደሆነ ይነገራል። ዛሬ በከተሞች በብዛት የሚታወቀው በጁስ ቤት ብርጭቆ ነው፤ ብቻውን ወይም ከፓፓያና ከማንጎ ጋር በስፕሪስ፣ ስኳርና ሎሚ ተጨምሮበት ይጠጣል። በጨው፣ በነጭ ሽንኩርትና በቃሪያ ለገበታ ማቅረብ ግን ብዙ ቤት አልተለመደም።

ግሪኮች እርጎን በጨርቅ አጥልለው ውሃውን በማስወጣት ያወፍሩታል። ከነጭ ሽንኩርትና ከኪያር ጋር ቀላቅለውም ዳቦ ያጠቅሱበታል። በመካከለኛው ምሥራቅም ተመሳሳይ የተጠለለ እርጎ አለ። ዘዴው ለኢትዮጵያ እናቶች እንግዳ አይደለም፤ አጓትን ከአይብ መለየት የዕለት ሥራቸው ነውና። ልዩነቱ አይብ የሚሠራው ቅቤው ከወጣለት አሬራ በእሳት ሲሆን የተጠለለ እርጎ ግን ሳይናጥና እሳት ሳይነካው፣ ቅባቱን እንደያዘ መሠራቱ ነው።

ማባያው እንዲያምር የሚያደርገው ዋናው ነገር ይኸው ማጥለል ነው። አቮካዶ በራሱ ብዙ ውሃ አለው። ያልተጠለለ እርጎ ሲጨመርበት ይቀጥናል፤ ከጥቂት ሰዓት በኋላም ውሃው ከላይ ይንሳፈፋል።

አዘገጃጀቱ

ለአምስትና ለስድስት ሰው የሚበቃ ማባያ ለማዘጋጀት አንድ ሊትር ወተት፣ ሁለት መካከለኛ የበሰሉ አቮካዶዎች፣ አንድ ሎሚ፣ ሁለት ፍሬ የተላጠ ነጭ ሽንኩርት፣ አንድ ቃሪያና ጨው ይበቃል።

ወተቱ በንጹሕ ድስት ይፈላል። ከወረደ በኋላ ለብ እስኪል፣ ማለትም ወደ 45 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ እስኪደርስ ይቀዘቅዛል። ቴርሞ ሜትር ለሌለው ቤት የድስቱ ጎን በእጅ ሲዳሰስ ሞቅ ብሎ ግን የማያቃጥል ከሆነ በቂ ነው። ከዚያም ሁለት የሾርባ ማንኪያ እርጎ ለእርሾ ተጨምሮ ይማሰላል። ወተቱ ሲፈላ በውስጡ የነበሩት አርጊ ተሕዋስያን ስለሚሞቱ ያለ እርሾ በደንብ አይረጋም። ለእርሾ የሚሆነውም ካልተፈላ ወተት የተሠራ እርጎ ባይሆን ይመረጣል፤ ከሱቅ የሚገዛ ስኳር ያልገባበት የታሸገ እርጎ ይሻላል።

ድስቱ ተከድኖ በብርድ ልብስ ይጠቀለላል። በስድስትና በስምንት ሰዓት ውስጥ ይረጋል። ከባሕር ወለል በላይ ከ2 ሺህ ሜትር በላይ ከፍታ ላይ በምትገኘው ሆሳዕና፣ በተለይ በክረምት ቅዝቃዜ፣ ከዚያም በላይ ሊቆይ ይችላል።

የረጋው እርጎ በተፈላና በደረቀ ንጹሕ ነጭ ሻሽ ላይ ተገልብጦ በወንፊት ይቀመጣል፤ ከሥሩ ጎድጓዳ ሳህን ይደረጋል። ከሦስትና ከአራት ሰዓት በኋላ ለስላሳ፣ ሌሊቱን ካደረ ደግሞ እንደ አይብ የጠነከረ ይሆናል። ማቀዝቀዣ የሌለው ቤት ቀን በሙቀት ከሚያጠልለው ማታ ቢያጠልለው እርጎው ከመጠን በላይ አይኮመጥጥም። ከአንድ ሊትር ወተት ሁለት ኩባያ ገደማ ወፍራም እርጎ ይገኛል። ለማባያው አንዱ ኩባያ ይበቃል፤ ሌላው ለልጆች ቁርስ ይውላል።

ቀጥሎ ነጭ ሽንኩርቱ ከጨው ጋር በሙቀጫ ይወቀጣል። አቮካዶው በመጀመሪያ በልጣጩ እንዳለ ይታጠባል፤ ቢላዋው ከልጣጩ ላይ ያለውን ቆሻሻ ወደ ውስጥ እንዳያስገባ ነው። ተከፍሎ ፍሬው ከወጣ በኋላ ሥጋው በማንኪያ ተጠርጎ በሹካ ይፈጨል፤ ወዲያው ግማሽ ሎሚ ይጨመቅበታል። ነጭ ሽንኩርቱ፣ የደቀቀው ቃሪያና አንድ ኩባያ የተጠለለ እርጎ ይጨመርና በደንብ ይዋሃዳል። ተቀምሶ ጨውና ሎሚው ይስተካከላል። የድንብላል ቅጠል ያለው ቢጨምርበት ሽታው ያምራል።

ማባያው ከቆጮ፣ ከገብስ ቂጣ፣ ከዳቦ፣ ከተቀቀለ ድንችና ከጥሬ ካሮት ጋር ይስማማል። ሲኮመጥጥ ከረመው የቆጮ ጣዕም ጋር የአቮካዶው ልስላሴ በተለይ ይመሳሰላል።

ቅቤ ወይስ እርጎ?

ይህን የሚያነብ የገጠር አባወራ፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ እማወራዋ፣ አንድ ተገቢ ጥያቄ ታነሳለች። ወተቱ ሳይናጥ እርጎ ሆኖ ከተበላ ቅቤው ከየት ይመጣል?

በሀዲያና በከምባታ ቅቤ ከምግብነት በላይ ነው። ለሀዲያው ያሆዴና ለከምባታው መሳላ በዓል የሚጠራቀም፣ በቡላና በወተት ለሚሰናዳው አታካና የሚፈስ፣ ከሁሉ በላይ በሴቷ እጅ የሚገባ ገንዘብ ነው። የአንዲት ላም ወተት ለመናጥ ስለማይበቃ ሴቶች ወተታቸውን በተራ የሚያዋጡበት ዊጆ የተባለ ባህላዊ መረዳጃም አላቸው። ስለዚህ ወተቱን በሙሉ እርጎ አድርጎ መብላት ለብዙ ቤት ገቢን መተው ማለት ነው።

አቮካዶው ጠቀሜታው የሚጎላው እዚህ ላይ ነው። 100 ግራም አቮካዶ በአማካይ 15 ግራም ያህል ቅባት አለው፤ አብዛኛው ደግሞ ለልብ ጤና የሚስማማው ዓይነት ነው። ሁለት ግራም ያህል ፕሮቲን ብቻ ይዟል። አይብ በተቃራኒው ቅባቱ በቅቤ መልክ የወጣለት፣ ፕሮቲኑ ግን የቀረለት ነው። ሁለቱ ሲዋሃዱ አንዱ የሌላውን ጉድለት ይሞላል። በመሆኑም ቅቤውን አውጥቶ መሸጥና ከአሬራው የተገኘውን ትኩስ አይብ በአቮካዶ ማለስለስ ይቻላል።

አሠራሩ ከላይ ከተገለጸው አይለይም። በእርጎው ፈንታ አንድ ኩባያ አይብ በሹካ በደንብ ይፈጫል፤ እንዳይቆራረስ ሁለት ማንኪያ አሬራ ይጨመርበታል። ከዚያ ከአቮካዶው፣ ከነጭ ሽንኩርቱና ከሎሚው ጋር ይዋሃዳል። እንደ ተጠለለው እርጎ እጅግ ለስላሳ ባይሆንም ለቆጮ ይስማማል። በቅቤው ውስጥ የሚወጣውን ቫይታሚን ኤ ግን አቮካዶ አይተካም። በገበታው ጎመንና ካሮት ቢኖሩ መልካም ነው፤ የአቮካዶው ቅባትም በእነዚህ አትክልቶች ያለውን ገንቢ ንጥረ ነገር ሰውነት በተሻለ እንዲጠቀምበት ያግዛል።

ሊታለፉ የማይገባቸው ጥንቃቄዎች

ቅልን በወይራ ጭስ ማጠን ለወተት ጥሩ መዓዛ ይሰጣል፤ ቶሎ እንዳይበላሽም ያግዛል። ወተት ማፍላትን ግን አይተካም። የከብት ሳንባ ነቀርሳና ብሩሴሎሲስ ካልተፈላ ወተት ወደ ሰው የሚተላለፉ በሽታዎች ናቸው፤ መኮምጠጡ ብቻም ሙሉ በሙሉ አያጠፋቸውም። አሬራ ለብ ብሎ ብቻ የሚወርድ ከሆነ ከእሱ የሚገኘው አይብም ያው ስጋት አለበት። ለሕፃናትና ለነፍሰ ጡሮች ከተፈላ ወተት የተሠራው ይመረጣል። ሕፃን እስከ ስድስት ወር ድረስ የእናት ጡት ብቻ እንደሚበቃው፣ ከዚያ በኋላም ለሕፃን የሚቀርበው ማባያ ጨውና ቃሪያ ሳይገባበት መሆን እንዳለበት መዘንጋት የለበትም።

ማባያው በአየር ሲነካ ይጠቁራል። ይህ የሚሆነው በፍሬው ውስጥ ያለ ኢንዛይም ከአየር ጋር ሲገናኝ ነው። የሎሚው ኮምጣጣነት ያዘገየዋል። ንጹሕ ላስቲክ ማባያውን እስኪነካ ድረስ አስተኝቶ መክደንም ይረዳል። የአቮካዶውን ፍሬ መሃል ላይ ማስቀመጥ ግን ፍሬው ከነካው ቦታ በቀር ጥቅም የለውም። በማቀዝቀዣ አንድ ወይም ሁለት ቀን ይቆያል፤ ማቀዝቀዣ ከሌለ በዕለቱ ማለቅ አለበት።

ከሻሹ የወረደው አጓት አይደፋም። ለቂጣና ለዳቦ ሊጥ ማቡኪያ፣ ለሾርባም ይሆናል። የአቮካዶ ልጣጭ፣ ፍሬና ቅጠል ግን ለከብትና ለፍየል መሰጠት የለበትም። በተለይ በቅጠሉ ውስጥ ያለው መርዛማ ንጥረ ነገር የሚታለብ እንስሳን ጡት ሊጎዳና ወተቷን ሊቀንስ ይችላል። ልጣጩን ከብት በማይደርስበት የኮምፖስት ጉድጓድ መጣል ይሻላል።

ሥራው ከዛፉ ይጀምራል

ለስላሳ ማባያ ከተቀጠቀጠ ወይም ሳይደርስ ከተለቀመ ፍሬ አይወጣም። ሳይደርስ የተቆረጠ አቮካዶ ይጨማደዳል እንጂ አይለሰልስም። ዛፉን አወዛውዞ ማራገፍ ፍሬውን ያቆስለዋል፤ የቆሰለውም ከውስጥ ይጠቁራል። ጫፉ ላይ ከረጢት በታሰረበት ረጅም እንጨት፣ ከአጭር ግንጣዩ ጋር መልቀም ይመከራል።

አቮካዶ ዛፉ ላይ ሆኖ አይለሰልስም። ይህ ለቤተሰቡ መልካም ዕድል ነው፤ የደረሰውን ሁሉ በአንድ ቀን ከመልቀም ለሳምንቱ የሚበቃውን ብቻ እየለቀሙ ሌላውን ለተወሰነ ጊዜ በዛፉ ላይ ማቆየት ይቻላል። ቶሎ እንዲለሰልስ የተፈለገውን ከበሰለ ሙዝ ጋር በወረቀት ከረጢት መጠቅለል ያፋጥነዋል። ሃስ የተባለው ዝርያ ሲበስል ልጣጩ ወደ ጥቁር ሐምራዊ ይለወጣል። አረንጓዴ እንደሆኑ የሚበስሉት ዝርያዎች ደግሞ በግንጣያቸው አጠገብ በቀስታ ሲጫኑ ለስለስ ማለታቸው መብሰላቸውን ያሳያል።

ዛሬ በየጓሮው ያለው ችግኝ ነገ በብዛት ሲያፈራ ገበያው ሁሉንም ላይቀበል ይችላል። ገበያ ያጣውን ፍሬ ግን የቤቱ ገበታ ሊቀበለው ይችላል። ቅቤው ተሽጦ ለደብተርና ለጨው ይሁን፤ አይቡና አቮካዶው ደግሞ በአንድ ሳህን ለልጆች ይቅረብ።