የዕድሜ ገደብ ያስነሣው ክርክር

ለማታ ትምህርት ስንመዘግብ መጀመሪያ የምንጠይቀው ስም ነው። ቀጥሎ ዕድሜ። ስሙ ወዲያው ይነገረናል። ዕድሜው ላይ ስንደርስ ግን ሳቅ ይነሣል። አንዲት እናት «በሰባ ሰባቱ ድርቅ ነው የተወለድኩት፤ ሂሣቡን እናንተ ድረሱበት» አሉን። እኛም ቀንሰን ጻፍን። በአንድ ዓመት ብንሳሳት ለፊደል ቆጠራ ምንም አይደለም።

ለመንግሥት ሥራ ለሚወዳደር ሰው ግን አንዲት ቀን እንኳ እንጀራ ታሳጣለች። በህንድ አገር በዚህ ነገር ሰዎች እስከ ላይኛው ፍርድ ቤት ድረስ ተካሰዋል።

በህንድ የመንግሥት ሥራ የሚመኘው ሰው ብዙ ነው። ሥራው ግን የዕድሜ ገደብ አለው። ገደብ ማለት ከዚህ ወዲያ አይታለፍም የሚባል ወሰን ነው። ለምሳሌ ለትልቁ የሲቪል ሰርቪስ ፈተና የሚቀርብ ሰው 21 ዓመት የሞላው፣ 32 ግን ያልሞላው መሆን አለበት። የሚቆጠረውም በፈተናው ዓመት በኦገስት 1 ቀን ነው። በእኛ አቆጣጠር ሐምሌ 25 መሆኑ ነው። ማስረጃው 10ኛ ክፍል ሲጨርስ የተሰጠው ወረቀት ነው። «እናቴ የነገረችኝ ሌላ ነው» ቢል ማን ይሰማዋል?

ይሁን እንጂ ገደቡ ለሁሉም እኩል አይደለም። ምክንያት አለው። በዚያ አገር ሰውን በትውልዱ ከፍና ዝቅ የሚያደርግ «ካስት» የሚባል ልማድ ኖሯል። ከሁሉ በታች የተጣሉት «የማይነኩ» ይባሉ ነበር። ከሌላው ጋር ከአንድ ጉድጓድ ውሃ እንዳይቀዱ ይከለከሉ ነበር። በእኛም አገር ሸክላ ሠሪውንና ቆዳ ፋቂውን መናቅ የቆየ ነውር ስለሆነ ነገሩ ለአንባቢዎቻችን እንግዳ አይሆንም። በአውሮፓውያን አቆጣጠር (እ.ኤ.አ.) በ1950 ሥራ ላይ የዋለው የህንድ ሕገ መንግሥት ይህን ልማድ ከለከለ። የረቂቁ ኮሚቴ ሊቀመንበር ዶክተር አምበድካር ራሳቸው ከነዚሁ ሰዎች የተወለዱ ነበሩ።

ዘግይቶ የተማረ ሰው ለሥራም የሚደርሰው ዘግይቶ ነው። ስለዚህ መንግሥት ከሥራ ቦታዎቹ የተወሰኑትን ለተበደሉት ጠበቀላቸው። የዕድሜውንም ገደብ አላላ። በማዕከላዊው መንግሥት ቅጥር ለነዚህ ሰዎችና ጎሣ ለሚባሉት ሕዝቦች 5 ዓመት፣ «ሌሎች ኋላ የቀሩ» ለሚባሉት ወገኖች 3 ዓመት ይጨመራል። ያልተጠበቁት ቦታዎች ለማንም ክፍት ናቸው።

ጠቡ የመጣው ከዚህ ላይ ነው። አንድ ሰው በላላው ዕድሜ ገብቶ ተፈተነ እንበል። ክፍቱን ቦታ ካገኙት ሰዎች የበለጠ ነጥብ አመጣ። ታዲያ የትኛው ቦታ ይሰጠው? ክፍቱን ከወሰደ የተጠበቀው ቦታ ለሌላ ችግረኛ ይተርፋል። ተፎካካሪው ግን «እኔ በእርሱ ዕድሜ ብሆን ኖሮ በር ላይ እባረር ነበር» ብሎ ይከራከራል። ይህም ቀላል ነገር አይደለም።

እ.ኤ.አ. በ2010 ጉዳዩ ከኡታር ፕራዴሽ ክፍለ ሀገር የፖሊስ ቅጥር ተነሥቶ ላይኛው ፍርድ ቤት ደረሰ። ፍርድ ቤቱ ለተፈታኞቹ ፈረደ። የዕድሜው መላላት ሰውየውን ወደ ፈተናው ያስገባዋል እንጂ ነጥብ አይጨምርለትም፤ ፈተናው ለሁሉም አንድ ነው አለ። የክፍለ ሀገሩ ሕግም አይከለክልም ነበር።

እ.ኤ.አ. በ2017 ደግሞ የአንዲት ሴት ጉዳይ ቀረበ። ሴትየዋ ለላቦራቶሪ ረዳትነት የተወዳደረችው በ3 ዓመቱ ማላላት ነበር። 82 ነጥብ አገኘች። ከርሷ ወገን ግን 93 ያገኘች ሌላ ሴት ስለነበረች የተጠበቀው ቦታ ለዚያችኛዋ ሆነ። ለክፍቱ ቦታ የሚፈለገው ትንሹ ነጥብ 70 ነበር፤ ያንን ያሟላ አንድም የክፍቱ ቦታ ተወዳዳሪ አልተገኘም። «እንግዲያው ለእኔ ስጡኝ» አለች። ፍርድ ቤቱ አይሆንም አላት። ማዕከላዊው መንግሥት እ.ኤ.አ. በ1998 ያወጣው መመሪያ ዕድሜ የላላለት ሰው ክፍት ቦታ አይያዝ ይላልና።

ያው አንድ ፍርድ ቤት ነው። የሚጋጭ ይመስላል እንጂ አልተጋጨም። በክፍለ ሀገሩ ወረቀት ላይ ያልነበረ አንድ መስመር በማዕከላዊው ወረቀት ላይ ተጽፎ ነበር። ዳኞቹም ይህንኑ ተናግረዋል።

እኛ አስተማሪዎቹ በዚህ ነገር ተከራከርን። ግማሾቻችን «መመሪያው ግልጽ ነው፤ ዳኛ ምን ያድርግ?» አልን። ግማሾቻችን «የጠማማውስ መመሪያ ነው» አልን። በዚህ መሐል ከሰባ ሰባቱ ድርቅ የተወለዱት እናት እርሳሳቸውን አስቀመጡና «ሰው ካልተገኘለት ያንን ቦታ ለማን ነው የሚያስቀምጡት?» ብለው ጠየቁን። እስካሁን እየተከራከርንበት ነው።